አዝማሪው ዳንሳችንን አፈረሰው፤ መላ በሉኝ

ጠያቂ፦ የአዘዞው
ሰላም ቤቶች። ጎንደር፣ አዘዞ ነው ያለሁት። ለአምስት ልጆች ዘመናዊ ዳንስ አስተምራለሁ። የምንለማመደው አክስቴ ግቢ ውስጥ ነው፤ ዶሮዎቹም አብረውን አሉ።

ለጥምቀት ሰሞን አንድ ሥራ አሰብን። የአንድ አዝማሪን ዘፈን በስልኬ ቀዳሁና በስምንት በስምንት እየቆጠርን ሦስት ሳምንት ለፋን። በዕለቱ ሰውየው ራሱ ማሲንቆውን ይዞ መጣ። ጉድ ፈላ! ሁለቴ የሚለውን ስንኝ አራቴ አለው። መሀል ላይ አንዱ እንግዳ "ተቀበል!" ብሎ ግጥም ሰጠው፤ ተቀበለ። አንዷ ስትዘል ሌላው ገና እየተነሳ ነበር፣ ተላተሙ። የተጨበጨበልን ለዚያ ነው። ከእንግዲህ በስልኩ ብቻ እንሥራ ወይስ መላ አለው?

መልስ፦ ሸክላ ወዳድ
ወንድሜ፣ በአንተ አልተጀመረም። በ1942 እ.ኤ.አ. ኒው ዮርክ ውስጥ ሶፊ ማስሎው "ፎክሴይ" የሚባል ዳንስ ሠራች። የታዋቂዋ የዘመናዊ ዳንስ ባለሙያ የማርታ ግራሃም ቡድን ዳንሰኛ ነበረች። የካርል ሳንድበርግ ግጥም ይባላል፣ የአገሬው ዘፈን ይዘፈናል፣ በዚያ ላይ ይደነሳል። ዘፋኙ ዉዲ ጉትሪ ነው። ዳንሰኞቹ የሚያውቁት ሸክላውን ነው፤ እሱ ግን ልምምድ ላይ ጊታሩን ይዞ ሲመጣ ሸክላውን አልደገመውም። ደስ ያለው ቦታ ያርፋል፣ ያሻውን ያስረዝማል። ዳንሰኞቹም እንደ ልጆችህ ተጋጩ። በኋላ ማርጆሪ ማዚያ የምትባል ዳንሰኛ ቆጠራውን ካርድ ላይ ጽፋ አስጠናችው። ተጋቡም!

መልስ፦ የአዝማሪ ልጅ
ካርዱ ለእኛ ሰው አይሆንም። አባቴን "ቁጠር" ብትለው ማሲንቆውን ሰቅሎ ይወጣል። አዝማሪ የሚያየው የሰው ፊት ነው፤ ሰው ከሞቀው ይደግማል። ስምንቱን ተወውና ቤት መምቻውን ያዝ። ስንኙ ቤት እስኪመታ ልጆቹ ባሉበት ትከሻ ይምቱ፣ ሲመታ ወደ ቀጣዩ ይለፉ። አራቴም ቢደግመው ምን ቸገራችሁ? ደግሞ ደጋኑን እዩት፤ አባቴ ሊያሳርፍ ሲል ረዘም አድርጎ ይስባል።

መልስ፦ ቀበሌ 10
እስክስታ እያለ መሬት ላይ መንከባለል ምን የሚሉት ነው? እናቴ ብታይ ጠበል ትወስደኝ ነበር።

ጠያቂ፦ የአዘዞው
@ቀበሌ 10 አክስቴም እንደዚያው ብላለች።
@የአዝማሪ ልጅ ዛሬ ያለ ቆጠራ ሞከርነው። ሁለቱ ገብቷቸዋል፣ ትንሹ አሁንም በሹክሹክታ ይቆጥራል። ለሰውየው ደወልኩለት። "ልምምድ ደግሞ ምንድን ነው?" አለኝ። ቅዳሜ ይመጣል፤ ሽልማት ካለ ነው አሉ።