«ቀዳሜ ሰማዕት» የእስጢፋኖስ ብቻ ነው?

ጠያቂ፣ ከደብረ ማርቆስ፦
ለሰንበት ትምህርት ቤታችን የግድግዳ ጽሑፍ እያዘጋጀሁ ነው። በየአገሩ መጀመሪያ ስለ ክርስትና የሞቱትን የሚዘረዝር ነው። የብሪታንያውን አልባን «ቀዳሜ ሰማዕት ዘብሪጣንያ» ብዬ ጻፍሁት። አንድ ዲያቆን አይቶ «ይኼ ስም የእስጢፋኖስ ነው፣ ለማንም አይታደልም» ብሎ ተቆጣኝ። እስኪ ፍረዱን።

ከሞጣ፦
እህቴ፣ ዲያቆኑ ግማሽ እውነት አለው። «ሰምዐ» በግእዝ ሰማ ነው፤ መሰከረም ነው። «ሰማዒ» አንዱ ምስክር፣ «ሰማዕት» ብዙዎቹ። «ቀዳሚ» ከሚከተለው ስም ጋር ሲናበብ «ቀዳሜ» ይሆናል፤ «ጸሐፊ» በ«ጸሐፌ ትእዛዝ» እንደሆነው። እንግዲህ «ቀዳሜ ሰማዕት» የምስክሮች ፊተኛ ማለት ነው። እኛ በአማርኛ ብዙውን ለአንድ ሰው ሰጠነው። ከዚያ እንደ «ነገሥታት» ደግመን አበዛንና «ሰማዕታት» አልን። የቅኔ ቤት ሰው ቢስቅብን አይፈረድበትም።

ያለ አገር ስም ካልሽው እስጢፋኖስ ነው፤ ኢየሩሳሌም ላይ በድንጋይ የተወገረው፣ ጥር 1 የምናከብረው። አገር ከጨመርሽበት ግን ምን ከለከለው?

ከባሕር ዳር፦
«ሊቀ ሰማዕታት»ንም ከዚሁ ጋር የሚያምታታ አለ። እሱ ጊዮርጊስ ነው። «ሊቀ» በማዕርግ ነው፣ «ቀዳሜ» በጊዜ። ጊዮርጊስ ከእስጢፋኖስ ከ200 ዓመት በላይ ዘግይቶ ነው የመጣው። በእኛ አገር ደግሞ «ሰማዕቱ» ብለህ ዝም ካልህ ጊዮርጊስ ነው፤ ዳጋ እስጢፋኖስ ደጃፍ ቆመህ ብትለውም።

ከብቸና፦
የኔታ ከሞጣ፣ ይቅርታ፣ በአንዱ አልስማማም። «ቀዳሜ» ከባድ ቃል ነው። ከሱ በፊት ማንም የለም ማለት ነው። ስለ አልባን ይህን ማን ይምላል? ታሪኩ ደስ ይላል፤ ተሳዳጅ ካህን ቤቱ ደብቆ፣ ወታደሮች ሲመጡ የካህኑን ልብስ ለብሶ ራሱን ሰጠ፣ አንገቱን ተቀላ። ዘመኑ ግን እስካሁን ያከራክራል። አንዱ 3ኛው ክፍለ ዘመን ይላል፣ ሌላው የ4ኛው መጀመሪያ።

አፍሪካን ውሰጂ። የከተማሽን ስም ረሳሽው? መንቆረር ደብረ ማርቆስ የተባለችው በወንጌላዊው ስም ነው። ማርቆስ በትውፊት እስክንድርያ ላይ በገመድ ታስሮ በጎዳና እየተጎተተ ነው የሞተው፤ በ68 እ.ኤ.አ. ገደማ፣ በእኛ ሚያዝያ 30 ይታሰባል። የታሪክ ሰዎች ግን የተጻፈ ማስረጃ ሲፈልጉ በዛሬዋ ቱኒዝያ ወደነበረችው ወደ ካርታጎ ይሄዳሉ። እዚያ ሐምሌ 17 ቀን 180 እ.ኤ.አ. ሲሊ ከምትባል መንደር የመጡ 12 ሰዎች ተፈርዶባቸዋል። የችሎቱ ቃል ተጽፎ ቀርቷል። ዳኛው «ሣጥናችሁ ውስጥ ምንድን ነው?» ሲል ስጴራጦስ የሚባለው «መጻሕፍትና የጻድቁ ሰው የጳውሎስ መልእክቶች» አለው። እንድታስቡበት ብሎ 30 ቀን ሰጣቸው። አንፈልግም አሉ። ሞት ሲፈረድባቸው እግዚአብሔርን አመሰገኑ። እንዲህ ያለ ችሎት ሳነብ ቃሉ ይገባኛል፤ ዳኛ ፊት የቆመ ምስክር ነው።

ታዲያ ከማርቆስና ከነስጴራጦስ «ቀዳሜ» ማን ነው? ስለዚህ «በስም የታወቀ የመጀመሪያው» ብትዪ ከሙግት ትድኛለሽ።

ጠያቂ፦
ለአልባን ተቀበልሁ። የፓስፊኩ ሚሲዮናዊ ፒየር ሻኔልስ? ፉቱና ደሴት ላይ በ1841 እ.ኤ.አ. ነው የተገደለው። ቀኑም በፈረንጆቹ ሚያዝያ 28 ተብሎ ይታወቃል።

ከብቸና፦
ለሱ «የኦሺንያ የመጀመሪያ ሰማዕት» በዪው። ማስረጃ አለው። ግእዙን ግን ለእስጢፋኖስ ተዪለት።

ከሞጣ፦
ኧረ ግሪኮች ስሙን ለጳውሎስ ተከታይ ለቴክላም ሰጥተዋታል፤ ከሴቶች ቀዳሚት ይሏታል። ያውም በትውፊቱ ከእሳትም ከአውሬም በሕይወት ወጥታ፣ አርጅታ ነው ያረፈችው። ዲያቆኑን ይህንንም ጠይቂልን።