ክርክር፦ ፒት ሮዝ ወደ ቤዝቦል ዝና አዳራሽ ይግባ ወይስ አይግባ?

አወያይ፦ ፒት ሮዝ በ4,256 ሂት (ኳስ መትቶ በሰላም ቤዝ፣ ማለትም ከሜዳው ማረፊያዎች አንዱ ላይ፣ መድረስ) እስካሁን የሚደርስበት ያልተገኘ የቤዝቦል ተጫዋች ነው። የሲንሲናቲ ሬድስ አሰልጣኝ ሳለ በራሱ ቡድን ጨዋታ ላይ ቁማር ሲጫወት ተደርሶበት በኦገስት 1989 ለዘለዓለም ታገደ። በ2024 ሞተ። በሜይ 2025 የቤዝቦል ሊጉ ኮሚሽነር (ኃላፊ) ሮብ ማንፍሬድ “እገዳው በሞት ያበቃል” ብለው ስሙን ከታገዱት ዝርዝር አወጡት። ጉዳዩ በዲሴምበር 2027 ለኮሚቴ ሊቀርብ ይችላል፤ ከ16ቱ ድምፅ 12 ካገኘ አዳራሹ ያለበት ኩፐርስታውን ገባ ማለት ነው። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

የኮሎምበሱ፦ ይግባ እንጂ! ሲንሲናቲ ስታዲየሙ ደጅ የቆመለትን ሐውልት አይቼዋለሁ፤ እጆቹን ዘርግቶ በደረቱ ወደ ቤዝ ሲወረወር ነው የቀረጹት። ሰውዬው እንደዚያ ነበር። ወርዋሪው አራት ጊዜ ከሳተ መቺው በነፃ ወደ አንደኛ ቤዝ ያልፋል፤ ሌላው ሁሉ ዘና ብሎ ሲራመድ ሮዝ ይሮጥ ነበር። በ1963 ሁለተኛ ቤዝን በመጠበቅ ጀምሮ የዓመቱ ምርጥ ጀማሪ ተባለ። በ1975 ቡድኑ ሲቸግረው ከግራ ሜዳ ተነሥቶ ሦስተኛ ቤዝ ላይ ቆመ፤ ያን ዓመትም የሚቀጥለውንም ሻምፒዮን ሆኑ። ቅጣቱን እስኪሞት ተሸክሟል፤ ከዚህ በላይ ምን ይሁን?

የዳላሷ፦ ወንድሜ፣ ሩጫውን ማን ካደ? ሕግ 21 ግን በየቡድኑ መልበሻ ክፍል ተለጥፏል፦ ሥራ ባለህበት ጨዋታ ከተወራረድክ ለዘለዓለም ትታገዳለህ። ሮዝ ልብሱን ሲቀይር የኖረው እዚያው ሥር ነው። “ለማሸነፍ ብቻ ነው የተወራረድኩት” ይል ነበር። አሰልጣኝ እኮ ነው! ዛሬ ገንዘብ ካስያዘ የደከመ ወርዋሪ ያስገባል፤ ነገ ካላስያዘ ያሳርፈዋል። ያላስያዘበት ቀን ራሱ ለአወራራጆቹ መረጃ ነው። እስከ 2004 ድረስ ደግሞ ሽምጥጥ አድርጎ ካደ። በ2015 ይፋ የሆነ ማስታወሻ ደብተር ገና ሲጫወት፣ በ1986፣ ይወራረድ እንደነበር አሳየ።

የኮሎምበሱ፦ እህቴ፣ ሊጉ ራሱ ዛሬ ከአወራራጅ ድርጅቶች ጋር ተዋውሎ የለም እንዴ? ጨዋታ በከፈትኩ ቁጥር የውርርድ ማስታወቂያ ነው። ከቁማር እየበሉ ቁማርተኛውን በር ላይ ማቆም ምን ዓይነት ፍርድ ነው?

ሲያትል፦ ማስታወቂያው እኔንም ያሳምመኛል። አዲስ አበባ ያለው ታናሽ ወንድሜ ደሞዙን ተቀብሎ ቤት ሳይገባ ቤቲንግ ቆርጦበት ያድር ነበር። ሆኖም ወንድሜ ተመልካች ነው፤ ጎሉን የሚያገባው ሌላ ሰው ነው። ሮዝ ግን የጨዋታው ባለቤት ነበር።

የዳላሷ፦ ሲያትል ልኩን ተናገርክ። ቱኩፒታ ማርካኖን አስታውሱ፤ ሮዝ የጀመረበትን ሁለተኛ ቤዝ ይጫወት የነበረ የቬንዙዌላ ልጅ። በጁን 2024፣ በ24 ዓመቱ፣ ለዕድሜ ልክ ታገደ። የፒትስበርግ ፓይረትስ ተጫዋች ሆኖ ተጎድቶ በተኛበት ጊዜ በቡድኑ ላይ አስይዞ ነው፤ ውጤቱን ሊነካ እንኳ አይችልም ነበር። ሮዝ ከገባ ለዚህ ልጅ ምን ልትለው ነው?

የኮሎምበሱ፦ ማርካኖን አላሰብኩትም፤ ከበደኝ። እሺ፣ ሮዝን ያስገቡትና ከሂቶቹ ሥር “በቁማር ታግዶ ነበር” ብለው ይቅረጹበት። እንደዚያስ ትስማሚያለሽ?

የዳላሷ፦ አልስማማም። ሂቶቹን ከመዝገብ የፋቀበት የለም፤ 4,256ቱ እዚያው አሉ። አዳራሹ ግን ክብር ነው።