ዘቢብና ሄል ያለው የፋሲካ አምባሻ፦ ሊጡ ይሰንፋል፣ ዘቢቡ ያራል

ሻሽ በወገብ (ጠያቂ)

ሰላም ለቤቱ። ለፋሲካ ዘቢብና ቅመም ያለው አምባሻ በኦቨን ልጋግር ነው። መነሻዬ 1 ኪሎ ፉርኖ ዱቄት፣ 11 ግራም ደረቅ እርሾ፣ 2 ሲኒ ስኳር፣ አንድ አንድ የሾርባ ማንኪያ ቀረፋና ሄል፣ 200 ግራም ዘቢብ ነው። ሊጡ ኩፍ ለማለት ይዘገያል። ሲጋገር ደግሞ ላይ ያለው ዘቢብ አሮ ይመራል፣ ከውስጥ ያለው ዙሪያው ሊጥ ሊጥ ይላል። የሚጋገረው ቅዳሜ ስለሆነ ወተትና ቅቤ ይግባበት ወይስ ይቅር? ምጣድ ላይስ ይሆናል?

ዱቄት በወንፊት

እህቴ፣ ሊጡን የያዘው ቀረፋው ነው። ቀረፋ ሲበዛ እርሾን ያደክማል፤ ለ1 ኪሎ ዱቄት የሾርባ ማንኪያ ሙሉ በጣም ብዙ ነው። አምባሻ ያለ ቀረፋም አምባሻ ነው፣ ካልሆነልሽ ግን ከግማሽ የሻይ ማንኪያ አትለፊ። ስኳሩም ከእርሾው ጋር ውሃ ይሻማል፤ ዘቢቡ ራሱ ስለሚጣፍጥ 70 ግራም ይበቃል።

እንዲህ አድርጊው፦ ዱቄት 1 ኪሎ፣ ለብ ያለ ውሃ 600 ሚሊ ሊትር (50ውን አስቀሪና ሊጡ ከጠየቀ ብቻ ጨምሪ)፣ ደረቅ እርሾ 7 ግራም፣ ጨው 16 ግራም፣ ስኳር 70 ግራም፣ ዘይት 60 ሚሊ ሊትር፣ ሄል 2 የሻይ ማንኪያ፣ ጥቁር አዝሙድ 1 የሻይ ማንኪያ፣ ዘቢብ 150 ግራም። እርሾውን ያሳነስኩት አዲስ አበባንና የመሰለ ደጋ በማሰብ ነው። የአየር ግፊቱ ዝቅ ስለሚል፣ ቀረፋው አንዴ ከተነሳለት ሊጡ ፈጥኖ ይነፋል፤ በ11 ግራም ጣዕም ሳያወጣ ያልፍና ኦቨን ውስጥ መሃሉ ይሰረጉዳል። ቆላ ላይ ያላችሁም እርሾ አትጨምሩ፣ ሙቀቱ ይበቃል።

ሄሉን ፈልፍለሽ ፍሬውን ብቻ ውቀጪው። በኮረሪማ ከተካሽው ግማሹን አድርጊ።

ዘቢቡን ከዱቄቱ ጋር አብረሽ አታቡኪው፤ ይፈርጥና ሊጡን ያጣብቀዋል። ለብ ባለ ውሃ 15 ደቂቃ ዘፍዝፊው፣ አጥልዪው፣ ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ደህና አድርገሽ አድርቂው። ሊጥ ሊጥ የሚለው ውሃውን ይዞ ሲገባ ነው። ሊጡ መጀመሪያ ኩፍ ካለ በኋላ ዘርጊው፣ ዘቢቡን በትኚበት፣ አራት አምስቴ እጠፊው፣ በቃ።

እሳት ዳር

ከላይ በተባለው እስማማለሁ፤ የማረሩን ነገር ልጨምር። ሊጡን ለሁለት ክፈዪና እያንዳንዱን 28 ሳንቲ ሜትር በሆነ ዘይት የተቀባ ትሪ ላይ ዘርጊው። ከዚያ ፊቱን በመዳፍሽ ዳብሺው፤ ወጣ ያለ ዘቢብ ሁሉ ተነቅሎ ከሥር ይወሸቅ። ፊት ላይ የቀረ አንድም ዘቢብ መራራ ይሆናል።

ጌጡ የሚሠራው ያኔውኑ፣ ሳይነፋ ነው። ከመሃል ወደ ዳር በቢላ ጀርባ እንደ መንኮራኩር አስምሪው፣ በየመሃሉ በሹካ ውጊው። ከነፋ በኋላ በስለት ከቆረጥሽው አየሩ ይወጣና ይተኛል። ጌጡ ጠፍቶ ከወጣ ወይ ሊጡ ቀጥኗል ወይ ብዙ ቆይቷል። 30 ደቂቃ ያህል ካረፈ በኋላ በጣት ነካ ስታደርጊው ቀስ ብሎ ከተመለሰ ይግባ፤ ጎድጉዶ ከቀረ አልፏል።

ኦቨኑ አስቀድሞ 190 ዲግሪ ይሙቅ፣ ከመካከለኛው መደርደሪያ ከ25 እስከ 30 ደቂቃ። ቶሎ ከጠቆረ ፎይል ጣል አድርጊበት። ቴርሞሜትር ካለሽ መሃሉ 90 ሲል አውጪ። መጽሐፍ ላይ 95 የሚል ታገኛለሽ፣ ግን አዲስ አበባ ላይ ውሃ የሚፈላው 92 ገደማ ስለሆነ ያንን ቁጥር ስትጠብቂ ዳቦው ይደርቅብሻል።

አክንባሎ

ምጣድ ላይ ይሆናል፣ ግን 600 ሚሊ ሊትር ውሃ ለኔ ይበዛል፤ 560 አድርጊው፣ ካልሆነ ሲገለበጥ ይቀደዳል። ውፍረቱም ከ2 ሳንቲ ሜትር አይለፍ። ምጣዱ ለእንጀራ እንደሚግለው መጋል የለበትም። ትንሽ ዱቄት በትኚበት፤ ወዲያው ከጠቆረ ነቅለሽ አብርጂው፣ ቀስ ብሎ ቡኒ ከሆነ ልክ ነው። ጌጡን ወደ ላይ አድርገሽ ክደኚው፣ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ፣ ከዚያ በሰፌድ ገልብጪና ለሌላው ፊት 10 ደቂቃ ያህል። ኮንትሮል የሌለው የኤሌክትሪክ ምጣድ ከሆነ እየነቀሉ እየሰኩ ነው እንጂ ሌላ መላ የለውም።

ዱቄት በወንፊት

የወተቱ ጥያቄ ተረሳ። ይቅር። ቅዳሜ ጋጋሪዋ ጾመኛ ናት፣ ወተትና ቅቤ የገባበትን ሊጥ መቅመስ አትችልም፤ በዘይትና በውሃ ከሆነ ግን ጨውና ቅመሙን ቀምሰሽ ታስተካክያለሽ። ንጥር ቅቤውን ለብ አድርገሽ ሌሊት ለመግደፊያ ሲቆረስ ቀቢው፤ ከሊጡ ውስጥ ይልቅ ላዩ ላይ ሽታው ይጎላል።

ሻሽ በወገብ

እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ከምሽት እስከ ሌሊት በምን ይቀመጥ?

እሳት ዳር

ሽቦ ወይም ሰፌድ ላይ ቢያንስ አንድ ሰዓት ይብረድ፣ ከዚያ በንጹሕ ነጠላ ጨርቅ ጠቅልዪው። ትኩሱን ፌስታል ውስጥ ከከተትሽው ሥሩ ይረጥባል፣ ዘቢቡም ጋ ቶሎ ሻጋታ ይጀምረዋል።