ፈዘሩ 14 ሰዓት ሠርቶ ምንም አላገኘም! ዶት ኤስኦው ላይ ምን አጠፋሁ?

ትርፍ_ባይት፦
ሰላም ቤቶች፣ እባካችሁ ቶሎ ድረሱልኝ። ነገ ከሰዓት ፕሮጀክት አቀርባለሁ። ሊብፒኤንጂን (የፒኤንጂ ሥዕል የሚያነበውን ላይብረሪ) በኤኤፍኤል ፕላስ ፕላስ ፈዝ እያደረግኩ ነው፤ ማለትም ፈዘሩ የተለዋወጡ ፋይሎች እየሰጠ የሚወድቅበትን ይፈልጋል። ላይብረሪውን በኤኤፍኤል ክላንግ ፋስት (በራሱ በኤኤፍኤል ኮምፓይለር) ኮምፓይል አድርጌያለሁ፣ ዶት ኤስኦውም (ፕሮግራም ሲነሳ የሚጫነው የላይብረሪ ፋይል) ወጥቷል። ሀርነሱም አጭር ነው፤ ፋይል ተቀብሎ ለላይብረሪው ይሰጣል፣ አለቀ። ማታ 1 ሰዓት አስነስቼው ተኛሁ። ጠዋት 3 ሰዓት ሳየው ኮርፐስ ካውንት (ፈዘሩ የያዛቸው ናሙና ፋይሎች ብዛት) 3። እሱም እኔው የሰጠሁት 3 ስክሪንሾት ነው። ክራሽ ዜሮ። ላስት ኒው ፋይንድ የሚለው ቦታ ላይ በቀይ «ነን የት፣ ኦድ፣ ቼክ ሲንታክስ» ይላል። የምን ሲንታክስ? ሊብዲስሎኬተርንም (የሜሞሪ ስህተትን ወዲያው ክራሽ የሚያደርገውን) በኤልዲ ፕሪሎድ (ላይብረሪን ቀድሞ በሚያስጭነው) ጨምሬው ነበር፤ ማስጠንቀቂያ ከማምጣት በቀር ምንም አልፈየደም።

ሥር_ሰደድ፦
ወንድሜ፣ ፕሮክ ሥር ያለው ኮር ፓተርን (ፕሮግራም ሲወድቅ ሲስተሙ ምን እንደሚያደርግ የሚወስነው ፋይል) ላይ «ኮር» ብለህ ጻፍበት። እኔም ጋ እንደዚህ ሆኖ በሱ ነው የተፈታው።

ትርፍ_ባይት፦
እህት ነኝ 🙂 እሱን መጀመሪያ ነው ያስተካከልኩት። እሱ ቢሆን ኖሮ ገና ሲነሳ እምቢ ይለኝ ነበር።

ጨለማ_ሰፈር፦
14 ሰዓት ሙሉ መብራት ሳይጠፋብሽ? ግኝትሽ እሱ ነው፣ እሱን አቅርቢ።

መምህር_ቢት፦
ልጆች፣ መሣሪያ ከመነካካት በፊት መነሻውን ማወቅ ደግ ነው። ፈዝ የሚለው ስም የመጣው በ1988 ነው። የዊስኮንሲን ዩኒቨርሲቲው ባርተን ሚለር በዝናባማ ሌሊት ከቤቱ በስልክ መስመር ኮምፒውተር ላይ ይሠራ ነበር። ነጎድጓዱ መስመሩን እየረበሸ የማይረቡ ፊደላት ሲያስገባበት ፕሮግራሞቹ ይወድቃሉ። ለተማሪዎቹ የቤት ሥራ አደረገው። በ1990 ባወጡት ጽሑፍ ከሞከሯቸው የዩኒክስ ፕሮግራሞች ከ25 እስከ 33 በመቶው እንደወደቁ ጻፉ። ስለዚህ ትዕግሥት ያስፈልጋል፣ እህቴ።

ጨለማ_ሰፈር፦
ጋሼ፣ ልጅቷ ነገ ነው የምታቀርበው።

ነገር_ፈላጊ፦
እኔ ግን ጥያቄው ራሱ አልገባኝም። ሊብፒኤንጂ እኮ ስንት ዓመት ኦኤስኤስ ፈዝ (የጎግል የፈዚንግ አገልግሎት) ላይ ቀን ከሌት ሲቀጠቀጥ የኖረ ላይብረሪ ነው። አንቺ በአንድ ላፕቶፕ በአንድ ሌሊት ምን ልታገኚበት ነው? ዜሮ ክራሽ ትክክለኛ መልስ ሊሆን ይችላል።

ትርፍ_ባይት፦
ውይ፣ ሳልናገር ቀረሁ። ኦሪጅናሉ አይደለም። መምህሩ ሆን ብሎ ስህተት የቀበረበት ቅጂ ነው። ክራሽ የግድ አለ።

ነገር_ፈላጊ፦
ይሄን እኮ መጀመሪያ ነው የሚሉት! ቢሆንም እኔ ብሆን ሊብፈዘር የሚባለውን ሌላ ፈዘር ነበር የምጠቀመው።

ባዶ_ፖይንተር፦
ሌላውን ተዪውና ሀርነስሽን በኤልዲዲ (ፕሮግራም የትኛውን ላይብረሪ እንደሚጭን በሚያሳየው ትእዛዝ) እዪው። ሊብፒኤንጂ በሚለው መስመር ፊት ለፊት የትኛው ፎልደር ተጽፏል?

ትርፍ_ባይት፦
ዩኤስአር ሊብ ሥር ያለው።
ቆይ። እሱ የኡቡንቱው ነው እንዴ?

ባዶ_ፖይንተር፦
አዎ። 14 ሰዓት ሙሉ የኡቡንቱን ሊብፒኤንጂ ስትደበድቢ አደርሽ። ሊንክ ስታደርጊ በትልቁ ኤል የሰጠሽው ፎልደር ያኔ ብቻ ነው የሚታየው። ፕሮግራሙ ሲነሳ ሎደሩ ያንን አያውቅም፤ በለመደው መንገድ ወደ ሲስተሙ ይሄዳል። የሲስተሙ ደግሞ ኤኤፍኤል የሚከታተልበት ኮድ ስላልገባበት ፈዘሩ ውስጡን አያይም። የሚያየው ያችን አጭር ሀርነስሽን ብቻ ነው፤ እሷ ላይ ምን አዲስ መንገድ ይገኛል? የተቀበረውም ስህተት እዚያ የለም።

ለጊዜው ኤልዲ ላይብረሪ ፓዝን (ሎደሩ ቀድሞ የሚፈልግበትን ቦታ) ወዳንቺ ዶት ኤስኦ አዙሪው። በሊብቱል የተሠራ ስለሆነ ዶት ሊብስ የሚባል ድብቅ ፎልደር ውስጥ ነው፣ ኤልኤስ ብቻ ብትዪ አይታይሽም። ከዚያ ኤልዲዲን ድገሚው። እኔ ግን ለፈዚንግ ዶት ኤስኦ ባይኖር እመርጣለሁ። ኮንፊገር ላይ ዲሴብል ሼርድ ብለሽ ዶት ኤውን (ኮምፓይል ሲደረግ ፕሮግራሙ ውስጥ የሚገባውን የላይብረሪ ፋይል) ሀርነሱ ውስጥ ብትከቺው ይሄ ጣጣ ከነአካቴው ይቀራል።

ሊብዲስሎኬተርን ደግሞ በኤልዲ ፕሪሎድ አትጫኚው፣ ፈዘሩ ራሱ ላይም ይጫናል። ማስጠንቀቂያው ያንን ነው የሚልሽ። ኤኤፍኤል ፕሪሎድ የሚባል አለ፤ እሱ የሚፈተነው ፕሮግራም ላይ ብቻ ነው የሚያርፈው።

ሥር_ሰደድ፦
ኮር ፓተርኑስ?

ቼክሰም፦
ባዶ_ፖይንተር ያለው ልክ ነው፣ ግን እሱን ብቻ አስተካክላ ብታስነሳው ነገም ታለቅሳለች። ፒኤንጂ ፋይል ውስጥ እያንዳንዱ ቻንክ (የፋይሉ ክፍል) መጨረሻ ላይ 4 ባይት ሲአርሲ (ዳታው አለመበላሸቱን የሚያጣራ ቁጥር) አለ። ፈዘሩ አንዲት ቢት በቀየረ ቁጥር ሲአርሲው ይሳሳትና ላይብረሪው ከበር ይመልሰዋል። ሀርነስሽ ውስጥ ፒኤንጂ ሴት ሲአርሲ አክሽንን ጥሪና ሁለቱንም ቦታ ክዋየት ዩዝ በዪው፣ ዝም ብሎ ያሳልፋል። ስክሪንሾቶቹስ ስንት ኪሎባይት ናቸው?

ትርፍ_ባይት፦
ወደ 600 ገደማ እያንዳንዳቸው 🙈

ቼክሰም፦
ኧረ በስመአብ! ከ1 ኪሎባይት በታች አድርጊው። በጂምፕ 8 በ8 ፒክስል የሆነች ሥዕል ሥሪ፣ ይበቃል።

ዘግይቶ_መጪ፦
ሳልረብሽ፣ እኔ ጋ ያለው ዶት ኤስኦ ምንጭ ኮዱ የለኝም። ኪዩኢሙ ሞድ (ኤኤፍኤል ምንጭ ኮድ ለሌለው ፕሮግራም ያለው ዘዴ) ላይም እንደሷው ዝም ይላል።

ባዶ_ፖይንተር፦
ኪዩኢሙ ሞድ ካልነገርከው ዋናውን ፕሮግራም ብቻ ነው የሚከታተለው። ኤኤፍኤል ኢንስት ሊብስን 1 አድርግ።

ትርፍ_ባይት፦
ኤልዲዲው አሁን የኔን ያሳያል!! ሲአርሲውንም ጨመርኩ። ኮርፐሱ በ2 ደቂቃ 70 አለፈ። ሊብዲስሎኬተርን ከአድረስ ሳኒታይዘር (ከሌላው የሜሞሪ ስህተት መያዣ) ጋር አብሬ ላድርገው?

ባዶ_ፖይንተር፦
አይሆንም፣ ሁለቱም ማሎክን (ለፕሮግራሙ ሜሞሪ የሚሰጠውን ፈንክሽን) መያዝ ስለሚፈልጉ ይጣላሉ። ጊዜ ስለሌለሽ በሊብዲስሎኬተር ሂጂ። እያንዳንዱን ማሎክ የሜሞሪ ገጽ ጠርዝ ላይ አስጠግቶ ቀጣዩን ገጽ ይዘጋል። አንድ ባይት ካለፈ እዚያው ክራሽ ነው።

ጨለማ_ሰፈር፦
መብራት እንዳይሄድብሽ ብቻ።

ዘግይቶ_መጪ፦
የኔ ሠራ፣ ተባረክ። @ትርፍ_ባይት ፕሬዘንቴሽኑ እንዴት ሆነ? ሦስት ቀን ሆነው እኮ።

ሥር_ሰደድ፦
ኮር ፓተርኑን ሞክራው ይሆናል።