ፍትሕ የጎደለው ሕግ፣ ሕግ ነው? አኩዊናስ፣ ራድብሩኽ እና የድንበር ዘቦቹ ጉዳይ

ሚዛን፦
ሰላም ለሁላችሁ። የሕግ ፍልስፍና ጽሑፍ እያዘጋጀሁ አንድ ቦታ ላይ ቆሜአለሁ። የተፈጥሮ ሕግ ሊቃውንት፣ ማለትም ሰው ከሚያወጣው ሕግ በላይ በአእምሮ የሚታወቅ የፍትሕ ሕግ አለ የሚሉት፣ «ፍትሕ የጎደለው ሕግ፣ ሕግ አይደለም» ይላሉ እየተባለ ይጠቀስላቸዋል። በሌላ በኩል ማንም ሰው በወንጀል የሚጠየቀው ድርጊቱን በፈጸመበት ጊዜ በነበረው ሕግ ነው፤ የእኛም ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 22 ይህንኑ ደንግጓል። ታዲያ ድንበር ተሻግሮ ሊሸሽ የነበረን ሰው የገደለ የምሥራቅ ጀርመን የድንበር ዘብ «ተኩስ ያለኝ የአገሬ ሕግ ነው» ብሎ ሲከራከር ዳኛው በምን አግባብ ይፈርድበታል? «ያ ሕግ፣ ሕግ አልነበረም» ካለ ነገ ሌላው ዳኛ ያልጣመውን አዋጅ ሁሉ በዚሁ መንገድ ሊጥል ነው። «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ፣ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» እንዲሉ፣ ውጤቱ ትክክል ቢሆን እንኳ መንገዱ ያሳስበኛል። የመካከለኛው ዘመን የሃይማኖት ሊቅ አኩዊናስ በትክክል ምን አለ? የጀርመናዊው የሕግ ፈላስፋ የራድብሩኽስ ቀመር በችሎት እንዴት ይሠራል?

ቀለም፦
ስጋትዎ ተገቢ ነው፤ ግን አኩዊናስ ያን ያህል ቀላል ነገር አላለም። በዋና መጽሐፉ በሱማ ቴዎሎጂካ ክፍል አንድ-ሁለት፣ ጥያቄ 90 አንቀጽ 4 ላይ ሕግን በአራት ነገሮች ይተረጉመዋል፦ የአእምሮ ሥርዓት ነው፤ ለጋራ ጥቅም ነው፤ ማኅበረሰቡን የመጠበቅ ኃላፊነት ባለው አካል የወጣ ነው፤ በአዋጅ የተነገረ ነው። ጥያቄ 96 አንቀጽ 4 ላይ ደግሞ ሕግ በሦስት መንገድ ፍትሕ ሊያጣ እንደሚችል ያሳያል። ገዢው ለራሱ ጥቅምና ክብር ካወጣው በዓላማው፤ ከተሰጠው ሥልጣን ካለፈ በአውጪው፤ ለጋራ ጥቅም የወጣ ቢሆን እንኳ ሸክሙን ያለ ምጣኔ ካከፋፈለ በቅርጹ ይጎድላል። እንዲህ ያለው ከሕግነቱ ይልቅ ግፍነቱ ያመዝናል፣ ኅሊናንም አያስርም ይላል። ወዲያው ግን አንድ ነገር ይጨምራል፤ ብዙ ሰው የሚዘለው እዚህ ላይ ነው። እምቢታው ሁከት ወይም ማሰናከያ የሚያመጣ ከሆነ ሰው መብቱን እስከ መተው ድረስ ሊታዘዝ ይገባዋል። ፈጽሞ መታዘዝ የማይገባው ሕጉ በቀጥታ የእግዚአብሔርን ትእዛዝ ሲፃረር ነው። ስለዚህ ጥያቄው የዜጋውን ኅሊና ይመለከታል፤ ዳኛ አዋጅ እንዲሽር የተሰጠ ፈቃድ አይደለም።

ሌላው ቁልፍ ቦታ ጥያቄ 95 አንቀጽ 2 ነው። የሰው ሕግ ከተፈጥሮ ሕግ የሚወጣው በሁለት መንገድ ነው። «አትግደል» የሚለው «ማንንም አትጉዳ» ከሚለው መርህ እንደ መደምደሚያ ይወጣል። ወንጀለኛ መቀጣት እንዳለበት የተፈጥሮ ሕግ ይነግረናል፤ ቅጣቱ 10 ዓመት ይሁን 15 ግን ሕግ አውጪው በውሳኔው የሚወስነው ነው፣ ኃይሉንም የሚያገኘው ከሰው ሕግ ብቻ ነው። በሕግ መጻሕፍት ውስጥ ያለው አብዛኛው ድንጋጌ ሁለተኛው ዓይነት ስለሆነ በተፈጥሮ ሕግ ስም «ፈራሽ ነው» የሚባልበት ምክንያት የለም።

መርሆቹ ወደ ዝርዝር በወረዱ ቁጥር ደግሞ የማይሠሩበት ሁኔታ ይበዛል። አደራ መመለስ አለበት፤ ባለቤቱ አገር ሊወጋበት ከጠየቀ ግን መመለሱ ጥፋት ይሆናል። ምሳሌው የራሱ የአኩዊናስ ነው (ጥያቄ 94 አንቀጽ 4)።

አደባባይ፦
ራድብሩኽን እኔ ልቀጥል። ጉስታቭ ራድብሩኽ በቫይማር ዘመን፣ ማለትም ከናዚዎች በፊት በነበረው የጀርመን ሪፐብሊክ፣ የፍትሕ ሚኒስትር የነበረ፣ ናዚዎች በ1933 ከሃይደልበርግ ፕሮፌሰርነቱ ያባረሩት ሰው ነው (ዓ.ም. ያላልኩባቸው ዓመታት የአውሮፓ ናቸው)። ቀመሩን ያወጣው በ1946 ነው፤ መነሻውም ከእርስዎ ስጋት ጋር አንድ ነው፦ የተደነገገ ሕግ፣ ይዘቱ ፍትሕ ቢጎድለውም፣ ለሕግ እርግጠኝነት ሲባል ይጸናል። ከዚህ የሚወጡት ሁለት ሁኔታዎች ብቻ ናቸው። አንደኛ፣ በሕጉና በፍትሕ መካከል ያለው ግጭት ሊታገሡት ከማይቻል ደረጃ ሲደርስ ሕጉ ለፍትሕ ቦታ ይለቃል። ሁለተኛ፣ የፍትሕ እምብርት የሆነው እኩልነት ሕጉ ሲወጣ ሆን ተብሎ ከተካደ፣ ያ ድንጋጌ የሕግ ባሕርይ ራሱ የለውም። አንደኛው የሚለካው በክብደት፣ ሁለተኛው በሕግ አውጪው ሐሳብ ነው። ሁለቱን መቀላቀል በተማሪዎች ጽሑፍ ውስጥ አዘውትሮ የሚታይ ስህተት ነው። ሐሳብን በማስረጃ ማረጋገጥ ስለሚከብድ ፍርድ ቤቶች በብዛት የሚይዙት አንደኛውን ነው።

አሁን ወደ ዘቦቹ። ታኅሣሥ መጀመሪያ 1984፣ ከሌሊቱ 9 ሰዓት ከሩብ ገደማ፣ የ20 ዓመት ወጣት በርሊን ውስጥ ምሥራቁን ከምዕራቡ የሚለየውን ግንብ በመሰላል ሊሻገር ሲል ተመታ። ሆስፒታል የደረሰው ከሁለት ሰዓት በላይ ዘግይቶ ነው፤ ወዲያው ቢታከም ኖሮ በተረፈ ነበር። የጀርመን ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ኅዳር 3 ቀን 1992 (በአውሮፓ አቆጣጠር) የሰጠውን ውሳኔ በቅደም ተከተሉ ይከተሉት። መጀመሪያ፣ በ1982 የወጣው የምሥራቅ ጀርመን የድንበር ሕግ አንቀጽ 27፣ በጊዜው አሠራር እንደተተረጎመ፣ ተኩሱን ይፈቅድ ነበር ወይ ብሎ ጠየቀ፤ ይፈቅድ ነበር አለ። ከዚያ ይህ ፈቃድ ሊከበር ይገባል ወይ ሲል ራድብሩኽን አነሳ፤ ነገር ግን ጉዳዩ ከናዚ የጅምላ ፍጅት ጋር አንድ ስላልሆነ ቀመሩን እንዳለ መገልበጥ ቀላል እንዳልሆነ ተናገረ። መለኪያ ያደረገው ዓለም አቀፉን የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን ነው፤ በሕይወት የመኖርና ከአገር የመውጣት መብቶችን፣ አንቀጽ 6 እና 12ን። ቀጥሎም የምሥራቅ ጀርመን ሕግ ራሱ፣ በሕገ መንግሥቷ መንፈስ ቢተረጎም፣ መሣሪያ ያልያዘን ሸሺ መግደልን እንደማይፈቅድ አሳየ። የዘቦቹ የግል ጥፋተኝነት የታየው በመጨረሻ ነው። ወጣቶችና በአገዛዙ የፖለቲካ ስብከት ያደጉ ስለነበሩ የተቀጡት 1 ዓመት ከ6 ወር እና 1 ዓመት ከ9 ወር ሆኖ በገደብ ታለፈ።

እዚህ ላይ ቆም ብለው የሚያዩት አንድ ነገር አለ። ሰው መግደል በምሥራቅ ጀርመንም ወንጀል ነበር። ፍርድ ቤቱ አዲስ ወንጀል አልፈጠረም፤ የጣለው «ተፈቅዶልኛል» የሚለውን መከላከያ ብቻ ነው። ስለዚህ ክርክርዎን ሲያዋቅሩ ወንጀሉን ከየትኛው ሕግ፣ መከላከያውን ከየትኛው ሕግ እንዳገኙ ለየብቻ ይጻፉ። በስትራስቡርግ ያለው የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤትም መጋቢት 22 ቀን 2001፣ በምሥራቅ ጀርመን ከፍተኛ ባለሥልጣናት ጉዳይ፣ ወደ ኋላ የሚሠራ ሕግን የሚከለክለው የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ስምምነት አንቀጽ 7 አልተጣሰም ሲል የተደገፈው በራሷ በምሥራቅ ጀርመን ሕግና በዓለም አቀፍ ሕግ ላይ ነው፤ ከተፈጥሮ ሕግ አልተነሳም።

ነገረ ፈጅ፦
አደባባይ የለዩት ነጥብ የሕግ ፈላስፋው ሀርት በ1958 ከሌላው የሕግ ፈላስፋ ከፉለር ጋር የተከራከረበትን የጠቋሚዋን ጉዳይም ያበራል። ባሏ በሂትለር ላይ ተናገረ ብላ ጠቁማ ያስያዘችውን ሴት የባምበርግ ይግባኝ ፍርድ ቤት በ1949 ጥፋተኛ ሲላት፣ የናዚውን ሕግ ፈራሽ አድርጎ ነው እየተባለ ሲጠቀስ ኖሯል። ውሳኔው ግን እንደዚያ አይደለም፤ የፈረደው ዳኛ ጥፋተኛ አልተባለም፣ ሴትዮዋ ግን በእሱ እጅ የሰውን ነጻነት እንዳሳጣች ተቆጥሮ ተፈርዶባታል። ሀርት እንዲህ ላለው ጉዳይ ወደ ኋላ የሚሠራ ሕግ በግልጽ ማውጣት ይሻላል ባይ ነበር፤ ቢያንስ የምንከፍለው ዋጋ አይደበቅምና። ይህ ክርክር አሁንም ጠንካራ ነው ብዬ አምናለሁ።

ፈራሽ ማለት ዋጋ እንደሚያስከፍል ደግሞ የጀርመን ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት የየካቲት 14 ቀን 1968 ውሳኔ ያሳያል። በውጭ የሚኖሩ አይሁዶችን ዜግነት የገፈፈውን የኅዳር 1941 ደንብ ከመነሻው ዋጋ አልባ አለው። ታዲያ ሌላ አገር ኑሮ የመሠረተው ሁሉ ሳይፈልግ ጀርመናዊ ሊሆን ነው? ስለዚህ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 116(2) መሠረት፣ በሕይወት የተረፈው ሰው በመኖሪያው ወይም በማመልከቻ ፈቃዱን ካላሳየ ዜግነቱ በግድ እንደማይጫንበት መተርጎም ነበረበት።

ወደ እኛ አገር ስንመጣ በደርግ ባለሥልጣናት ክስ የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ አንቀጽ 281 የፖለቲካ ቡድኖችንም ይጠብቅ ነበር። ታኅሣሥ 3 ቀን 1999 ዓ.ም. በተሰጠው ፍርድ አብላጫው በዘር ማጥፋት ጥፋተኛ አላቸው፤ አንድ ዳኛ ግን ለፖለቲካ ቡድኖች የተሰጠው ጥበቃ በኋላ በወጡ የደርግ አዋጆች ተሽሯል ሲሉ በሐሳብ ተለዩ። ልዩነቱ የተነሳው በተጻፈው ሕግ ላይ ነው። «ቢሻርስ፣ እንዲህ ያለ ሽረት ይጸናል?» የሚለው የራድብሩኽ ጥያቄ በትክክል የሚገባው እዚያ ቦታ ላይ ነው፤ ለጽሑፍዎ ከጀርመኑ የተሻለ መፈተኛ ይሆንልዎታል።

ሚዛን፦
እግዜር ይስጥልኝ። አንድ ብቻ ልጨምር፦ ሕጉ ግፍ ሳይሆን አድሏዊ ቢሆንስ? ለምሳሌ ሸክሙ በድሃው ላይ የወደቀ የግብር አዋጅ።

ቀለም፦
በአኩዊናስ ሚዛን ምጣኔ የጎደለው፣ ማለትም በቅርጹ ፍትሕ ያጣ ሕግ ነው፤ ከፋዩን በኅሊና ላያስረው ይችላል። በራድብሩኽ ሚዛን ግን ይጸናል፤ ዳኛውም ይፈጽመዋል። ማስተካከያው የሚፈለገው ከሕግ አውጪው ወይም ሕገ መንግሥቱን ከሚተረጉመው አካል ዘንድ ነው። አዋጁ አንድን ወገን ለይቶ ለማጥፋት ሆን ተብሎ የወጣ መሆኑ ከታየ ግን ጉዳዩ ወደ ሁለተኛው የቀመሩ ክፍል ይሻገራል፤ ያኔ የሚመረመረው የረቂቁ ማብራሪያና የአፈጻጸሙ መዝገብ ነው።