«በሩ ላይ ብቻ ነው የሚቆመው»

ጀንፈል፦ ትናንት በቡና መጋዘን ፍሬ የሚለቅሙ ሠራተኞች ሥራ የማቆም ነገር ሲነሳ አንድ ቡና አቅራቢ «ፖሊስ ለማንም አይወግንም፤ በሩ ላይ ብቻ ነው የሚቆመው» አሉ። ብቻ! ቡናው በየት ሊወጣ ነው ታዲያ፣ በጣሪያ?

ማናዊ፦ ምን ይደረግ ነው የምትለው? አንድ ኮንቴነር 320 ኬሻ ይይዛል፣ 192 ኩንታል። የተናደደ አንድ ሰው ክብሪት ቢጭርበት የሠራተኛ ማኅበሩ ይከፍላል? ንብረት መጠበቅ የፖሊስ ሥራ ነው።

የሂርማታ ልጅ፦ ይጠብቅ። ፊቱን ወዴት አዙሮ? ጀርባውን ለኬሻው፣ ፊቱን ለለቃሚዎቹ ከሰጠ ምን እየጠበቀ እንደሆነ ታውቆ የለም እንዴ።

ማናዊ፦ በቃ፣ ከዛሬ ጀምሮ የፖሊስ ፊት በኮምፓስ እንለካ።

ቦሳ ቂቶ፦ ቀልዱን ተዉት። ሰልፍ የሚወጣ ሰው ከ48 ሰዓት በፊት በጽሑፍ ያሳውቃል። ሳያሳውቁ በር ላይ ተሰብስበው ፖሊስ ቢመጣ ምን ያስገርማል?

ጀንፈል፦ ወንድሜ፣ 48 ሰዓቱ የ1983ቱ የሰላማዊ ሰልፍ አዋጅ ነው። ሥራ ማቆም የሚገዛው በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 ነው፤ ማስጠንቀቂያውም 10 ቀን ነው፣ ምክንያቱ ተጠቅሶ፣ ለአሠሪውም ለሚመለከተው መሥሪያ ቤትም። ከማኅበሩ አባላት ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ አብላጫው መደገፍ አለበት፤ በስምምነት ለመጨረስም ቀድሞ ይሞከራል። አብዛኛው ሰው የሚወድቀው ምልዓተ ጉባኤው ላይ ነው፦ ቃለ ጉባኤ ይያዛል፣ የተገኙት ግን አይፈርሙም። ከዚያ «ሕገ ወጥ ነው» ለማለት አንድ ወረቀት ይበቃል።

ቦሳ ቂቶ፦ እሺ፣ 10 ቀን። ነጥቤ አልተለወጠም።

የሂርማታ ልጅ፦ ተለውጧል እንጂ! በ10 ቀን ውስጥ መጋዘን ባዶ ይሆናል። በሌሊት ይጫናል፣ በ11ኛው ቀን ለቃሚዋ ባዶ ወለል ላይ ታምፃለች፣ «በሩ ላይ ብቻ» የቆመው ሰውዬ ደግሞ ባዶ ቤት ይጠብቃል። ያ ሁሉ መኪና ሲወጣ በሩን ማን ከፍቶ ነበር?

ማናዊ፦ የራሱን ቡና ቢጭን ሌባ ነው? ደግሞ መጋዘን መጋዘን ትላላችሁ፣ ማጠቢያ ጣቢያም አለ። እሸት ቡና በተለቀመበት ቀን ካልተፈለፈለ ይበላሻል። ገንዳ ውስጥ የገባው በሰዓቱ ካልታጠበ ይኮመጥጣል፣ ጣዕሙ አለቀ። እዚያ በሩ ከተዘጋ የሚከስረው ባለጣቢያው ብቻ አይደለም፣ እሸት ይዞ የቆመው ገበሬም ነው።

ጀንፈል፦ ይሄኛው እውነት ነው፣ አልክድም። ግን ለዚህ መድኃኒቱ ፖሊስ ሳይሆን ከ10ኛው ቀን በፊት የሚፈረም አንድ ገጽ ነው፦ ገንዳ ውስጥ ያለውን የሚያጥቡት እነማን ናቸው፣ ለቃሚዎቹ በየት በኩል ይቆማሉ፣ መኪና በየት ይወጣል፣ ፖሊስ የሚጠራው ማነው። የአዛዡ ስልክ አሠሪው እጅ ብቻ ካለ አዛዡ የሚሰማው የአንድ ወገን ጩኸት ነው።

ኮቺ፦ የምሳውንስ ነገር ማን ያነሳል? በር ላይ የቆመውን ፖሊስ ምሳ የሚያበላው፣ ለመኪናው ነዳጅ የሚሞላው አሠሪው ከሆነ «አይወግንም» የሚለው ነገር ሆዴን ያሳክከኛል።

ማናዊ፦ በጅማ ቤት ለቆመ እንግዳ ምሳ መስጠት ጉቦ ሆነ እንግዲህ!

ኮቺ፦ እንግዳ አልከው? «ጠባቂ» ነበር እኮ። ለበሩ ወዲያ ማዶ ላሉትስ ቡና ይቀዳል?

የሂርማታ ልጅ፦ አሠሪም ሥራ ቦታውን በሠራተኞቹ ላይ ለመዝጋት ያው 10 ቀን ማስጠንቀቂያ አለበት። ሳያስጠነቅቅ ሰኞ ጠዋት ቁልፍ ቢያንጠለጥል ፖሊስ መጥቶ ለለቃሚዎቹ ይቆማል? ማናዊ፣ ይህችን መልስልኝ።

ማናዊ፦ ያ የሥራ ክርክር ነው፣ ወደ አሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ቦርድ ይሂዱ።

የሂርማታ ልጅ፦ አየህ! እነሱ ሲዘጉ የሥራ ክርክር፣ እኛ ስንቀመጥ የጸጥታ ጉዳይ።

ቦሳ ቂቶ፦ ቁልፍ የሚያንጠለጥል ሰው ማንንም አይደበድብም። ሕጉም ኃይልና ዛቻ የታከለበትን ሥራ ማቆም ይከለክላል።

ጀንፈል፦ ኃይል የተጠቀመውን አንዱን ይያዝና በ48 ሰዓት ፍርድ ቤት ያቅርበው። ይኸውልህ፣ 48 ሰዓትህ እዚህ ነበረች። በአንድ ሰው ድንጋይ መቶ ለቃሚ ከበር ይባረር የሚል ግን የለም።

ቦሳ ቂቶ፦ ማን ይባረር አለ? በሩ ላይ ብቻ ነው የሚቆመው።

ኮቺ፦ ኧረ በሩን ተዉልን!