ሚስት ያልፈረመችበት የቤት ሽያጭ፦ ውሉ ይፍረስ ወይስ ይጽና?

የሰሚቱ፦ ሰላም ቤተሰብ። አንድ ጉዳይ ላቅርብና ተከራከሩበት። ጎረቤቴ እዚሁ አዲስ አበባ ቤት ገዛ። ውልና ማስረጃ ሄደው ተፈራረሙ፣ ስም ተዛወረ፣ ካርታው በስሙ ወጣ። ሻጩ ከወረዳ «ያላገባ» የሚል ማስረጃ ይዞ ነበር። ከዓመት በኋላ ሚስት ከአረብ አገር መጣች። «ቤቱ የጋራችን ነው፣ እኔ አልፈረምኩም፣ ውሉ ይፍረስልኝ» ብላ ከሰሰች። ጋብቻው እውነት ነው፣ ማስረጃ አላት። ሻጩ ብሩን ይዞ የገባበት ጠፍቷል። ዳኛ ብትሆኑ ለማን ትፈርዱ ነበር? እኔ ለገዢው ነኝ።

የካዛንቺሱ፦ ለገዢው ነው እንጂ! የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1195 የባለቤትነት ማስረጃ የያዘ ሰው ባለቤት እንደሆነ ይገመታል ይላል። ሻጩ በስሙ ካርታ ነበረው። ገዢው ከዚህ በላይ ምን ያድርግ? ሰፈር ለሰፈር እየዞረ የሰው ትዳር ያጣራ? የተመዘገበ ውል እንዲህ የሚፈርስ ከሆነ ውልና ማስረጃ ወረፋ ይዘን የምንውለው ለምንድነው?

የዱባይዋ፦ ወንድሜ፣ ቤቱ በማን ብር ተሠራ? እዚህ አብረውኝ ያሉትን እህቶች አውቃለሁ። ደሞዝ በገባ ማግስት ነው የሚልኩት። አንዱ ወር ለብሎኬት፣ አንዱ ወር ለቆርቆሮ፣ አንዱ ወር ለበርና መስኮት። ካርታው ግን የሚወጣው እዚያ ባለው ባል ስም ነው። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ 213/1992፣ ቁጥር 68 የጋራ ቤት ለመሸጥ የሁለቱም ስምምነት ያስፈልጋል ይላል። እሷ አልተስማማችም። አለቀ።

የካዛንቺሱ፦ እሺ፣ ግማሹ የሷ ነው እንበል። ባልየው የራሱን ግማሽ እኮ ሸጧል። ግማሹ ብቻ ይፍረስ።

የዱባይዋ፦ ከዚያስ? አንድ ሳሎን ከማታውቀው ሰው ጋር ልትካፈል ነው? ወይስ ቤቱ በሐራጅ ተሸጦ ልጆቿን ይዛ ትውጣ?

ጠበቃዋ፦ ሁለታችሁም የዘለላችሁት ነገር አለ። ውልና ማስረጃ የፈራሚውን ማንነት፣ ችሎታና ሥልጣን ያያል። የሚያየው ግን የቀረበለትን ወረቀት ነው። «ያላገባ» የሚለው ወረቀት ሐሰት ከሆነ ማኅተሙ እውነት አያደርገውም። የ1195ም ግምት ነው፣ ቀጥሎ ያለው 1196 ግምቱ የሚፈርስበትን ሁኔታ ያስቀምጣል። ውክልናም ላይ ይኸው ነው የሚያጋጥመን። ወንድም በጠቅላላ ውክልና የእህቱን ቤት ይሸጣል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2205 ደግሞ የማይንቀሳቀስ ንብረት ለመሸጥ ልዩ ውክልና ይጠይቃል። ስለዚህ ተመዝግቧል ብሎ መከራከር ብቻውን አያዋጣም።

ግን ሕጉ ገዢውንም አልረሳውም። በቤተሰብ ሕጉ ቁጥር 69 መሠረት ሚስት ሽያጩን ባወቀች በ6 ወር ውስጥ መክሰስ አለባት። ባታውቅም እንኳ ውሉ ከተደረገ 2 ዓመት ካለፈ መክሰስ አትችልም።

የዱባይዋ፦ ይሄ ነው የሚያቃጥለኝ! የቤት ሠራተኛ ኮንትራት ብዙውን ጊዜ 2 ዓመት ነው። በሄደች በሳምንቱ ቢሸጠው፣ ኮንትራቷን ጨርሳ ስትመለስ መብቷም አብሮ አልቆ ይጠብቃታል። እዚህ ስልኳን የሚቀሟት ስንት አሉ። ሽያጩን ከየት ትስማ?

ሒሳብ ሠራተኛው፦ እኔ የምፈራው ከፈረሰ በኋላ ያለውን ነው። ውል ሲፈርስ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1815 ወደ ነበራችሁበት ተመለሱ ይላል። ቤቱ ወደ ሚስት፣ ብሩ ወደ ገዢ። የትኛው ብር? ሕጋዊው ወለድ በቁጥር 1751 በዓመት 9 በመቶ ነው። ይህ ቢታሰብለት እንኳ በ2014 የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ ያለፈባቸው ወራት ነበሩ። ሐምሌ 2016 ላይ ደግሞ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ከ100 ብር አለፈ። ከዚያ በፊት ቤት የገዛ ሰው ያኔ የከፈለው ብር ዛሬ ቢመለስለት ያንን ቤት አይገዛበትም። ውሉ ይፍረስ ካላችሁ ገዢው የሚካሰው በዛሬ ዋጋ ይሁን በሉ። አለበለዚያ አንዱን ከዘረፋ አድነን ሌላውን እያዘረፍን ነው።

የሰሚቱ፦ ችግሩ ከዚህም ይብሳል። ውሉ ላይ የተጻፈው ዋጋና የተከፈለው አይገናኝም። ግብር እንዲቀንስ ብለው ዝቅ አድርገው ነው ያጻፉት። ደላላው ነው «ሁሉም እንዲህ ነው የሚያደርገው» ያላቸው።

ጠበቃዋ፦ እንግዲህ ይሄ ከባድ ነው። በቁጥር 2005 መሠረት የተጻፈ ሰነድ በፈራሚዎቹ መካከል ሙሉ ማስረጃ ነው። ቀሪው በባንክ ከተላለፈ ደረሰኙን ይያዝ፣ ቢያንስ ይከራከርበታል። በእጅ ከሰጠ ግን ተስፋው የመነመነ ነው። የገንዘቡን ጥያቄም ውሉ እስኪፈርስ አያቆየው። ሻጩ ሌላ ንብረት ካለው ዛሬውኑ እግድ ይጠይቅበት።

የካዛንቺሱ፦ እሺ፣ ቤቱ ለሚስት ይሁን፣ በዚህ አሳምናችሁኛል። «ያላገባ» ብሎ የጻፈው ወረዳ ግን ለምን አይከፍልም? ገዢው ያመነው የመንግሥትን ማኅተም ነው። ጋብቻ የሚመዘግበው ወሳኝ ኩነትና ውልና ማስረጃ በአንድ ሲስተም ይገናኙ፣ ሻጩ ማግባቱ እዚያው ስክሪን ላይ ይታይ።

ጠበቃዋ፦ ወረዳው ይጠየቅ በሚለው እስማማለሁ፣ ሠራተኛውም ጭምር። ሲስተሙ ግን የተመዘገበውን ብቻ ነው የሚያሳየው። በአገር አቀፍ ደረጃ ምዝገባው የተጀመረው በ2008 ነው። በሽማግሌ ወይም በቤተ እምነት ተጋብቶ ያልተመዘገበ ብዙ ነው፣ ሕጉ ግን እነዚህንም ጋብቻ ይላቸዋል። ስክሪኑ ባዶ ሆኖ ሚስት ልትኖር ትችላለች።

የዱባይዋ፦ ስለዚህ ገዢ ከመፈረሙ በፊት ቤቱ ድረስ ሄዶ ጎረቤት ይጠይቅ። «የዚህ ቤት እመቤት የት ናት?» ቢል የሰፈሩ ሰው ሁሉ ይነግረው ነበር።